ሎኮና ከፀሐይ ጀርባ ያለችው ኮከብ

ሎኮ የተፈረደባት አምስት ዓመት ነው። የታሰረችው ግን አምስት ዓመት ከአስር ወር ነው። አስሩን ወር የፈረደባት ዳኛ የለም። ይህን የሚናገር ወረቀት በየትኛውም ቢሮ ስለማይገኝ እኔ እጽፈዋለሁ።

ባለፈው ሳምንት የወንድሟ ልጅ ከተልተሌ ከብት ሊሸጥ ነገሌ መጥቶ ነበር። ቤቴን እየጠየቀ ደረሰና ደጃፍ ላይ ቆመ። ግባ ብለው አልገባም።

"አኮ፣ ሎኮ ሞታለች" አለኝ። አኮ ማለት አያት ማለት ነው፤ እዚህ የሚያውቀኝም የማያውቀኝም እንደዚያ ነው የሚጠራኝ።

"መቼ?"

"ዝናቡ ሳይገባ። ከመሞቷ በፊት 'ለዚያች በር ለምትዘጋው ንገሯት' አለች።"

"ሌላስ ምን አለች?"

"ሌላ አላለችም።"

መልእክቱ ስድብ ይሁን ስንብት አላወቅኩም። ልጁም አላወቀም። በር የምትዘጋው ግን እኔ ነኝ።

ነገሩ የሆነው ከነገሌ ወደ ቆላው በጭነት መኪና ሲወርዱ ከሚገኙት ትንንሽ ከተሞች በአንዷ ነው። ስሟን አልጽፍም፤ ከተማዋ ምንም አልበደለችም። ጣልያን ከወጣ ጥቂት ዓመት ሆኖት ነበር። ወህኒ ቤት የተባለው ጣልያን ጥይት እንዲያከማችበት የሠራው ግንብ ነው። ጣሪያው ሲሚንቶ፣ በሩ ብረት፣ መስኮት የሌለው። ትልቁ ክፍል ለወንዶች፣ ትንሹ ለሴቶች ሆነ። ባሌ እዚያ ዘበኛ ነበርና ሴቶቹን የምትፈትሽ፣ በራቸውን የምትከፍትና የምትዘጋ ሴት ሲፈለግ እኔ ገባሁ። ትምህርቴ ከቄስ የተማርኩት ፊደልና የጦር ሰፈር ንብረት ጠባቂ የነበረው አባቴ ያስተማረኝ ሒሳብ ነው። ኦሮምኛን ከጎረቤት ልጆች ጋር ስላደግሁበት ማስተርጎሙም በእኔ ላይ ወደቀ።

ደንቡ አጭር ነው። በሩ ጠዋት አንድ ሰዓት ይከፈታል፤ ማታ አስራ አንድ ሰዓት ይዘጋል። በዚህ መሀል ሴቶቹ አጥር በተከለለው ግቢ ውስጥ የእስረኛውን ማሽላ ከጠጠር ይለቅማሉ። ከአጥሩ በላይ የሚታየው ሰማይ ብቻ ነው፤ እሱም የቀን ሰማይ።

ሎኮ በሁለት ፖሊሶች መሀል በእግሯ መጣች። ረጅም ቀጭን ሴት ናት፤ ያኔ አርባ ዓመት ቢሆናት ነው። ስፈትሻት እጆቿን ዘርግታ ቆመች። ሳልጠይቃት ጫማዋን አውልቃ አራገፈችልኝ። ከዚያ ተራው የእሷ ሆነና እኔን ትጠይቀኝ ጀመር።

"በሩ መቼ ይዘጋል?"

"አስራ አንድ ሰዓት።"

ፀሐይዋ የት እንዳለች ቀና ብላ አየች። "ኮከብ ሳይወጣ ማለት ነው። የሚከፈተውስ?"

"ጠዋት አንድ ሰዓት።"

"ኮከብ ከገባ በኋላ።" የግራ አውራ ጣቷን በቀኝ እጇ ጨበጠችው፤ ነገር ስታስብ እንደዚያ ታደርግ ነበር። "ኢንተላ፣ አምስት ዓመት ነው ያሉኝ። ይሄንን አልነገሩኝም።"

ኢንተላ ማለት ልጅት ማለት ነው። ጠባቂን ልጅት ያለች የመጀመሪያዋ እስረኛ እሷ ናት። ልቆጣ አስቤ ነበር፤ ግን እንደ ስድብ አላለችውም፤ ቆይቼ እኔም እንደሌሎቹ ሴቶች አዮ እላት ጀመር፤ እናት ማለት ነው።

የኮከቡ ነገር ለምን እንደከነከናት በኋላ ገባኝ። አባቷ አያንቱ ነበር። ቦረናዎች ወሩንና ቀኑን በጨረቃና በከዋክብት የሚቆጥሩላቸውን አዋቂ አያንቱ ይሉታል። ሰርግ በየትኛው ቀን ይሁን፣ ከብት በየትኛው ቀን ይሰደድ፣ እሱ ነው የሚናገረው። ቀኖቻቸው ሃያ ሰባት ናቸው፤ እያንዳንዱ ስም አለው፤ ሲያልቁ ከመጀመሪያው ይዞራሉ። ይህ የወንዶች እውቀት ነው። ሎኮ ግን ውሃ ስታቀርብ፣ እሳት ስትለኩስ፣ አባቷ ከሌሎች ሽማግሌዎች ጋር ሲከራከር እየሰማች ይዛዋለች።

የታሰረችበት ምክንያት የውሃ ጉድጓድ ተራ ነው። ሦስት ቀን ሙሉ ተራ የጠበቀች አንዲት ባልቴት ከብቶች እያሉ አንድ ነጋዴ በሬዎቹን ሊያስቀድም ገፋ። ሎኮ በእጇ በያዘችው እንጨት ፊቱን አለችው። አንድ ዓይኑ ጠፋ። ዳኛው "መትተሻል?" ቢላት "መትቻለሁ" አለች። "ተጸጽተሻል?" ቢላት "ለዓይኑ አዎ፣ ለተራው አይደለም" አለች። አምስት ዓመት ተባለች። ስለ አምስቱ ዓመት አንድም ቀን ስታማርር አልሰማኋትም።

ክፍሉ ውስጥ ሰባት ሴቶች ነበሩ። ነፋስ የሚገባው በብረቱ በር ስር ባለው ስንጥቅ ብቻ ነው፤ ቆላ ነውና ከበሩ ርቆ የተኛ ሲያልበው ያድራል። በሩ ስር የምትተኛው የሺ ነበረች፤ የወታደር ሚስት፣ ከመንዝ መጥታ ኦሮምኛ የለመደች፣ በጠላ ቤት ጸብ ሰው ወግታ የገባች። ከሁሉም በፊት ስለታሰረች ቦታውን የግሏ አድርጋዋለች። ሎኮ በሦስተኛው ቀን ተነሥታ፣ ዛሬ መጨረሻ የተኛች ነገ በሩ ስር ትተኛለች አለች።

"ይሄ የከብት ጉድጓድ መሰለሽ እንዴ?" አለች የሺ።

"ጉድጓድማ ቢሆን ውሃ በጠጣን ነበር።"

ሴቶቹ ሳቁ፤ የሺም መሳቋ አልቀረም። ከዚያ ቀን ጀምሮ በተራ ተኙ።

ሎኮ ቀኖቿን በጭንቅላቷ ብቻ ትቆጥር ነበር። ጨረቃ አንዳንዴ በቀን ትታያለች፤ ታያታለች፤ ግን "ያለ ኮከብ ጨረቃ ብቻዋን ምን ትነግረኛለች?" ትል ነበር። በገባች በአራተኛው ወር ወባ ያዛት። ተንቀጠቀጠች፣ ቃዠች፣ ሰው መለየት አቃታት። ሲለቃት የመጀመሪያ ንግግሯ "ዛሬ ማን ነው?" የሚል ሆነ። ቀኑን ማለቷ ነው። ሴቶቹም አልቆጠሩትም። ያን ጊዜ አለቀሰች። ሲፈረድባት ያላለቀሰች፣ ስትፈተሽ ያላለቀሰች ሴት ትከሻዋ እስኪንቀጠቀጥ አለቀሰች። "ጠፋብኝ፤ አሁን የት እንዳለሁ አላውቅም" አለች።

በሩ ላይ ቆሜ ነበር። ዝም ብዬ ማየት አቃተኝ።

"አዮ፣ ከተኛሽ ወዲህ በሩን አራት ጊዜ ዘግቻለሁ" አልኳት።

ቀና አለች። "እርግጠኛ ነሽ?"

"ቁልፉ የእኔ ነው። አራት ጊዜ።"

በጣቶቿ አንድ በአንድ ከተኛችበት ቀን ጀምራ ቆጠረች። ከዚያ እፎይ አለችና ወደ ሴቶቹ ዞረች። "በአንድ ጭንቅላት ላይ ማስቀመጥ ስህተት ነው። እኔ ብሞት ቀኑ አብሮኝ ይሞታል። በሁላችሁም ላይ ማስቀመጥ አለብኝ።"

"እኔ የገብርኤልንና የማርያምን ቀን ነው የማውቀው" አለች የሺ። "የእናንተን ሃያ ሰባት ስም ማን ይይዝልሻል?"

"ስም ብቻ አይያዝም" አለች ሎኮ። "ሰው ይያዛል።"

ዴልሜ የተወለደችው በማግስቱ ነው፣ ማሽላው ላይ ተቀምጠው ጠጠር ሲለቅሙ።

ሎኮ ስታወራ እጇ ከሥራው አይነሳም፤ የምትጠቁመው በከንፈሯ ነው። በከንፈሯ ፀሐይዋን ጠቆመች፤ ዋቃ የምትለው ፈጣሪን ነው። "ዋቃ ለከዋክብት ቦታ ሲያድል ሁሉም በጊዜ ተገኙ። ዴልሜ ግን የሌላ ሰው ከብት ስታጠጣ ቆየች። ስትደርስ ሌሊቱ ሞልቷል። ዋቃ 'የት ነበርሽ?' አላት። 'ጉድጓድ' አለችው። 'ቦታ አልቋል።' 'ቀኑስ?' አለችው። ዋቃ ሳቀባት። 'በቀን ማን ያይሻል?' 'ባልታይም ልኑር' አለችው። እንግዲህ ከፀሐይ ጀርባ አስቀመጣት። አሁን እዚያ ናት።"

ሰባቱም ሴቶች ወደ ፀሐይ አንጋጠው ዓይናቸውን አጨናበሱ። እኔም አንጋጥጬ ነበር።

"ዴልሜ ምን ማለት ነው?" አለች ሀሊማ። ሀሊማ የዶሎ ነጋዴ ናት፤ ጨርቅ ያለ ፈቃድ ስታሻግር ተይዛ ነው የገባችው።

"ምንም ማለት አይደለም። ትርጉም ያለው ስም ሁሉ ሌሊት ባሉት ተወስዷል።"

ከዚያ በኋላ በየቀኑ ትንሽ ትንሽ እያለች አገሩን ሠራችው። ፀሐይ ፊቷን ወደ እኛ ስላዞረች ጀርባዋ ጥላ ነው። እዚያ ሳር አይደርቅም። ጉድጓዱ ጥልቀት የለውም፤ ሕፃን ተንበርክኮ በእጁ ይጠጣል። እዚያ ሃያ ሰባት ቤቶች በክብ ተሠርተዋል። ዴልሜ የራሷ ቤት ስለሌላት በየቀኑ አንዱ ቤት እንግዳ ሆና ታድራለች። የቤቶቹ ስም የቦረና ቀኖች ስም ነው፤ በየቤቱም አንዲት እመቤት አለች። የጊዳዳ እመቤት ስስታም ናት፤ ዴልሜ ስትመጣ ወተቱን ከአልጋ ስር ትደብቃለች። ቀጥሎ ያለው የሩዳ ቤት ነው፤ የሩዳ እመቤት ደግ ናት፤ ግን ስታንኮራፋ ጣሪያው ይነሳል። ስለዚህ ዴልሜ በጊዳዳ ተርባ፣ በሩዳ እንቅልፍ አጥታ ታድራለች።

"የጊዳዳዋ ሴትዮ አማቴን ቁርጥ ናት" አለች ሀሊማ። "እንዲያውም ራሷ ሳትሆን አትቀርም፤ እዚያ መቼ ሄደችብኝ!"

"የሩዳዋማ አንቺው ነሽ" አለቻት የሺ። "ማታ ማታ ግንቡ ሲነቃነቅ የሚሰማኝ ያለምክንያት ነው?"

እንዲህ እንዲህ እያሉ ሃያ ሰባቱንም ያዙ። ቀን የማትለየው የሺ እንኳ ጠዋት በሩን ስከፍት "ዛሬ ከዚያች ወሬኛ ቤት ናት፤ ነገ እፎይ ትላለች" ትለኝ ነበር። ጠዋት ጠዋት ሰባቱም ዴልሜ የት እንዳደረች ይናገራሉ፤ አንዷ ከተሳሳተች ስድስቱ ያርሟታል። አንዷ ብትታመም ስድስቱ አሉ። የሎኮ ሐሳብ ይህ ነበር። ጨዋታ ይመስላል፤ ግን ገመድ እየገመዱ ነበር።

አንድ ቀን ስለ ዴልሜ አገር ሕግ ጠየቋት።

"ሕጉ አንድ ነው" አለች ሎኮ፣ ማሽላዋን እየለቀመች። "ሰው እሱ ራሱ የማያድርበትን በር በሰው ላይ አይዘጋም።"

ሰባቱም ዘወር ብለው አዩኝ።

"በይ እንግዲህ፣ ምንጣፍሽን ይዘሽ ነይ" አለች የሺ። "ዛሬ መጨረሻ የምትተኚው አንቺ ነሽ።"

ሳቁብኝ። ተናደድኩ። የዚያን ዕለት በሩን የዘጋሁት በኃይል ነው፤ የብረቱ ድምፅ አሁንም ይሰማኛል። ቤቴ ገብቼ መስኮቴን ከፍቼ ተኛሁ፤ እንቅልፍ ግን አልወሰደኝም። ጠዋት ከፍቼ የተናገርኩት የመጀመሪያ ነገር "ዴልሜ የት አደረች?" የሚል ሆነ። ሎኮ መለሰችልኝ እንጂ ሌላ ነገር አላለችም።

ሌላ ቀን ደግሞ "የእናንተ ዓመት ስንት ቀን ነው?" ብላ ጠየቀችኝ። ሦስት መቶ ስልሳ አምስት፣ በየአራት ዓመቱ ደግሞ አንድ የጳጉሜ ቀን እንደሚጨመር ነገርኳት። ሦስት ጊዜ አስደገመችኝ።

"የቦረና ዓመት ከዚህ ያጥራል፤ አይደለም እንዴ? በራስሽ ብትቆጥሪ ቶሎ ትወጫለሽ" አልኳት።

"የፈረዱብኝ በእናንተ ዓመት ነው። በእኛ ብቆጥረው መስረቅ ይሆናል።"

እኔ በዕድሜዬ ብዙ ዳኛ፣ ብዙ ሽማግሌ አይቻለሁ። እንዲህ የሚያስብ ግን ሌላ አላየሁም።

በሦስተኛው ዓመቷ የጸሐፊው ሳጥን በምስጥ ተበላ። ጸሐፊው አቶ ተሰማ ይባሉ ነበር፤ ጠንቃቃ፣ ቀለማቸውን የማያንጠባጥቡ ሰው ናቸው። ሳጥኑ ውስጥ የእስረኛው መዝገብና የፍርዶቹ ግልባጭ ነበሩ። ምስጡ ከታች ገብቶ ገጾቹን እንደ ወንፊት አድርጓቸዋል። የተረፈውን ወደ አዲስ መዝገብ ሲገለብጡ አይቻለሁ፤ ያልተረፈው ግቢ ውስጥ ሲቃጠልም አይቻለሁ። ስማቸው የተበላው ሰዎች የገቡበት ቀን በምን እንደሚታወቅ አልጠየቅኩም። ወረቀት የእኔ ሥራ አይደለም ብዬ ነው። ያለመጠየቄን እዚህ ማስፈር ይገባኛል።

ሎኮ ሥልሳ ሰባት ዙር ከአሥራ ሰባት ቀን በሞላት ጠዋት በሩን ስከፍት መኝታ ቆዳዋን ጠቅልላ፣ የውሃ ቅሏን ለሀሊማ ሰጥታ በሩ ስር ተቀምጣለች።

"ናጋ ቡልቴ፣ ኢንተላ?" አለችኝ፤ ደህና አደርሽ ማለት ነው። "ጨረስኩ።"

በከሰል ግድግዳው ላይ አበዛሁት። ሥልሳ ሰባት ጊዜ ሃያ ሰባት፣ አንድ ሺህ ስምንት መቶ ዘጠኝ፤ አሥራ ሰባት ሲደመር አንድ ሺህ ስምንት መቶ ሃያ ስድስት። አምስቱን ዓመት ከነጳጉሜው ትርፍ ቀን ለብቻ ሠራሁት። አንድ ሺህ ስምንት መቶ ሃያ ስድስት። አንዲት ቀን አልጎደለችም፣ አንዲት ቀን አልተረፈችም። ሴቶቹ እልል አሉ። እኔም እየሳቅኩ ወደ ቢሮ ይዣት ሄድኩ።

አቶ ተሰማ መዝገቡን ገለጡ። ሻምበሉ፣ የወህኒ ቤቱ አለቃ፣ አጠገባቸው ተቀምጠዋል።

"ገና አስር ወር ይቀራታል" አሉ አቶ ተሰማ።

ስማቸው የተበላባቸው እስረኞች በአዲሱ መዝገብ የገቡት ተቆጣጣሪ መጥቶ ስም በጠራበት ዝርዝር መሠረት ነው። ዝርዝሩ ስምና የፍርድ ዘመን አለው፤ የመግቢያ ቀን የለውም። ስለዚህ ዝርዝሩ የተሠራበት ቀን የመግቢያ ቀን ሆነ። ያ ዝርዝር ሲሠራ ሎኮ ከገባች አስር ወር አልፏት ነበር።

"ስትገባ የፈተሽኳት እኔ ነኝ" አልኩ።

"በጽሑፍ አለሽ?" አሉ ሻምበሉ።

"በጽሑፍ የለኝም። ዓይኔ ግን አለኝ።"

"ዓይን ፋይል ውስጥ አይገባም። እሷን ጠይቂያት፤ በምን ቆጠረችው?"

ተረጎምኩ። ሎኮ ቀጥ ብላ ቆማ፣ "በዴልሜ" አለች።

"ዴልሜ ማን ናት?"

"ኮከብ ናት።"

ሻምበሉ ወደ ፊት ጠጋ አሉ። የቦረና አያንቱዎችን ያከብሩ ነበር፤ ዝናብ ሲዘገይ ሰው ልከው እስከማስጠየቅ ይደርሳሉ። "የትኛዋ ኮከብ ናት? በየት በኩል ነው የምትወጣው?"

ያን ጊዜ በኦሮምኛ ለመንኳት። "አዮ፣ በአባቴ ኮከቦች ነው የቆጠርኩት በይ። እኚህ ሰው እነሱን ያምናሉ። እኔም እንደዚያ እተረጉማለሁ፤ አንድ ቃል ብቻ በይ።"

"የአባቴን ኮከቦች አምስት ዓመት አላየኋቸውም" አለችኝ። "ያላየሁትን አየሁ ልበል?"

"ለቀንሽ ብለሽ!"

"ቀኑ እውነት ነው። ለእውነት ቀን ውሸት ኮከብ አላቆምም። ጠየቁኝ እኮ፤ ንገሪያቸው። ዴልሜ አትወጣም፣ አትገባም። የለችም። እኔ ነኝ የሠራኋት።"

ሁለቱም ወንዶች አፌን ነው የሚያዩት። የፈለግኩትን ማለት እችል ነበር፤ ኦሮምኛ የሚያውቅ ሌላ ሰው በክፍሉ ውስጥ የለም። እኔ ግን እንዳለችው ተረጎምኩት። "የለችም። እኔ ነኝ የሠራኋት ትላለች" አልኩ። ይህን ያደረግኩት ለእውነት ብዬ ይሁን ፈርቼ ይሁን እስከዛሬ ለራሴ መልስ አላገኘሁለትም።

ሻምበሉ ከት ብለው ሳቁ። "በሌለ ኮከብ የተቆጠረ ቀን! ተሰማ፣ ይሄንንም በመዝገብህ አስገባው!" አቶ ተሰማ አልሳቁም። ዓይናቸውን ከወረቀቱ አላነሱም። ለፍርድ ቤቱ ደብዳቤ ይጻፋል፣ መልስ ሲመጣ ይታያል ተባለ። ተጻፈ። መልስ አልመጣም።

ያን ዕለት ማታ አስራ አንድ ሰዓት በሩን በሎኮ ላይ ዘጋሁ። እስከ ጠዋቱ ድረስ የዘጋሁት በተፈረደባት ሴት ላይ ነበር። የዚያን ዕለት ግን የዘጋሁት ማንም ባልፈረደባት ሴት ላይ ነው። ቁልፉ ያው ነው፤ እጄም ያው ነው።

በማግስቱ ስከፍት ደረቷን ነፍታ በሩ ፊት ቆማለች። "አምስቱ የእኔ ነው" አለችኝ። "ይሄ የማን ነው?"

በሚቀጥለውም ጠዋት ጠየቀችኝ። በሚቀጥለውም። ድምፅዋን ከፍ ሳታደርግ፣ ሰላምታ እንደሚሰጥ ሰው፣ አስር ወር ሙሉ በየጠዋቱ "ይሄ የማን ነው?" አለችኝ። በሩ አልከፈት ባለኝ፣ ቁልፉ በተሰበረ፣ በታመምኩ ብዬ የተመኘሁባቸው ቀኖች ብዙ ናቸው። ከግቢው ማዶ ቤቴ አለ፣ ልጆቼ አሉ፣ መንገዱ ክፍት ነው፤ እኔ ግን ከዚያ ጥያቄ መውጫ አልነበረኝም።

ዴልሜን ተወቻት። ሴቶቹ ጠዋት "ዛሬ የት አደረች?" ሲሏት "ቆማለች" አለች። "የእኔ ባልሆነ ቀን ቤት አላስገባትም።"

የሺ አባበለቻት፣ ሰደበቻት፣ አኮረፈቻት። ምንም። በመጨረሻ ሀሊማ ማሽላውን ገፋ አድርጋ ተነሣች።

"አዮ፣ ለአንቺ የሰው ቀን ነው፤ እሺ። ለእኔ ግን ቀኔ ነው። ሁለት ዓመት ይቀረኛል። ኮከቧን አቁመሽ እኔን የት ልታደርጊኝ ነው?"

ሎኮ አውራ ጣቷን ጨበጠች። "እውነትሽን ነው" አለች። "ውሰጃት።"

ሀሊማ ዴልሜ የቆመችባቸውን ቀኖች ቆጥራ ጨመረች፤ ከዚያ ወዲህ በየቤቱ የምታሳድራት እሷ ሆነች። አንዳንዷን እመቤት እንደ ራሷ ሶማሌ አደረገቻት፤ የአንዷን ቤት ወደ ዶሎ ወንዝ ዳር አዛወረች። ሎኮ ትሰማለች፤ አታርማትም። አንድ ጊዜ ብቻ ፈገግ ስትል አይቻታለሁ።

አስሩ ወር አለቀና አቶ ተሰማ የመልቀቂያውን ወረቀት ሰጡኝ። ሎኮ ሴቶቹን አንድ በአንድ ተሰናብታ ወጣች። እኔን አልፋኝ ሄደች። ሥራዬን ጨርሼ፣ አስራ አንድ ሰዓት ላይ በሩን ዘግቼ ወደ ውጭ ስወጣ ግን መንገዱ ዳር ድንጋይ ላይ ተቀምጣ አገኘኋት።

"ምነው አልሄድሽም? ይመሻል እኮ።"

"እንዲመሽ ነው የምጠብቀው" አለች። "ተቀመጪ። ሀሊማ ዛሬን ማን አለች?"

የሀሊማን ቀን ነገርኳት። በጣቷ አሰላችና "እንግዲያ ሀሊማ ካልተሳሳተች፣ ከእሷም በፊት እኔ ካልተሳሳትኩ፣ ዛሬ ጨረቃ ከቡሳን ጎን መቆም አለባት" አለች። ቡሳን በአንድ ላይ የታጨቁት ትንንሾቹ ከዋክብት ናቸው።

ተቀመጥኩ። ፀሐይዋ ገባች። ሰማዩ ከቀይ ወደ ሰማያዊ ሲሄድ ቀጭኗ ጨረቃ በምዕራብ በኩል ጠራች። ሎኮ አትተነፍስም ነበር። አምስት ዓመት ከአስር ወር አንድ ኮከብ ያላየች ሴት ናት። አንድ ኮከብ ብቅ አለ፣ ሌላ፣ ሌላ። ከዚያ ከጨረቃዋ ጎን፣ አንድ ክንድ በማይሞላ ርቀት፣ እነዚያ ትንንሾቹ ተጠጋግተው ታዩ።

"ልክ ነው" አለች በሹክሹክታ። ከዚያ ተነሥታ ወደ ግንቡ ዞረችና፣ በሴቶቹ በኩል ወዳለው ግድግዳ በኦሮምኛ ጮኸች። "ሀሊማ! ልክ ነው! አንድም አልጠፋብንም!"

ከውስጥ የሀሊማ እልልታ በበሩ ስንጥቅ ስር ወጣ። የየሺ ድምፅም ተከተለው፤ "ታዲያ አሁን እንተኛ ወይስ ሌላም አለሽ?" ይላል። ሎኮ ሳቀች። ቆዳዋን ትከሻዋ ላይ አድርጋ በተልተሌ በኩል መንገድ ገባች። ዳግመኛ አላየኋትም።

ጠዋት ቢሮ ሄጄ ቆጠራው በሰማይ ተመሳክሮ ልክ ሆኖ መገኘቱን ተናገርኩ። ሻምበሉ "ወጥታለች አይደል? ታዲያ ምን ትፈልጊያለሽ?" አሉኝ። በዚያ ተናድጄ ሥራዬን ጥዬ ወጣሁ ብል ደስ ይለኝ ነበር። አልወጣሁም። ከዚያ በኋላ አንድ ዓመት ከጥቂት ወር፣ ሀሊማ እስክትፈታ ድረስ፣ ያንን በር ዘግቻለሁ።

ግን መጠየቄን አልተውኩም። ሻምበሉ ሲዛወሩ መኪናቸው ላይ ሳይወጡ ጠየቅኋቸው፤ ረስቼዋለሁ አሉኝ። አውራጃው ፍርድ ቤት ሄጄ ጠየቅኩ፤ ፋይሉ ይኖር ይሆናል፣ ላይኖርም ይችላል ተባልኩ። "አንቺ ምኗ ነሽ?" አሉኝ። "በር ዘጊዋ ነኝ" አልኳቸው፤ አላናገሩኝም። ጊዜው ሄደ፤ ልጆቼ ወለዱ፤ ነገሌ ገባሁ።

የሎኮን መርዶ በሰማሁ በማግስቱ ነጠላዬን ለብሼ ወደ አቶ ተሰማ ቤት ሄድኩ። ጡረታ ወጥተው እዚሁ ነገሌ ነው የሚኖሩት፤ ዓይናቸው ደክሟል፤ ደጃፋቸው ላይ በርጩማ አድርገው ፀሐይ ይሞቃሉ። ድምፄን ለዩኝ።

"ሎኮ ሞተች" አልኳቸው።

"ነፍስ ይማር።" ወንበር እንዲመጣልኝ አዘዙ። አልተቀመጥኩም።

"አቶ ተሰማ፣ እርስዎም እኔም አርጅተናል፤ አንድ ነገር ብቻ ይመልሱልኝ። ያን ዕለት ቢሮ ውስጥ አምነዋት ነበር ወይስ አላመኗትም?"

እጃቸውን ጉልበታቸው ላይ አሹ።

"አመንኳት እንጂ። የመጣች ዕለት ስሟን በመዝገብ የጻፍኩት እኔ ነኝ፤ ቀኑን እኔም አልረሳሁትም ነበር።"

"ታዲያ ለምን?"

"ምስጡ በበላው ገጽ ላይ ሠላሳ አንድ ስም ነበረ፣ እህቴ። እሷን ካመንኩ ሠላሳውንም ማመን ሊኖርብኝ ነው።"